ፍራፍሬን በራምና በብራንዲ መዘፍዘፍ፦ ለማጣጣሚያና ለስጦታ የሚሆን ዝርዝር መመሪያ

ፍራፍሬ በአልኮል መጠጥ ውስጥ ሲዘፈዘፍ ሁለት ነገር በአንድ ጊዜ ይካሄዳል፤ መጠጡ ወደ ፍሬው ይገባል፣ የፍሬው ውሃ ደግሞ ወደ መጠጡ ይወጣል። ብዙ ሰው የሚያስበው ስለ መጀመሪያው ነው። ብልቃጡ ለወራት ሳይበላሽ መቆየቱን ወይም በሁለትና በሦስት ሳምንት ውስጥ አረፋ ማውጣቱን የሚወስነው ግን ሁለተኛው ነው። ስለዚህ ፍሬውንም ቅመሙንም ከመምረጥ በፊት የውሃውን ነገር አጥርቶ ማወቅ ያስፈልጋል። ሥራው ከዚህ ሌላ የሚጠይቀው ንጽሕናና ትዕግሥት እንጂ የተለየ ሙያ አይደለም።

ስሌቱን በምሳሌ እንየው። እንጆሪ ከ100 ግራም ውስጥ 90 ግራም ያህሉ ውሃ ነው። 500 ግራም እንጆሪ ላይ 40 በመቶ አልኮል ያለው ግማሽ ሊትር ራም ቢፈስስበት፣ በራሙ ውስጥ ያለው ንጹሕ አልኮል 200 ሚሊ ሊትር ሲሆን፣ ከፍሬው የሚወጣው 450 ሚሊ ሊትር ያህል ውሃ ሲደመርበት የጠቅላላው ጥንካሬ ወደ 21 በመቶ ይወርዳል። በዚህ ላይ 250 ግራም ስኳር ሲጨመር፣ የሟሟው ስኳር ራሱ ቦታ ስለሚይዝ፣ ጥንካሬው ወደ 18 በመቶ ዝቅ ይላል። በጠርሙሱ ላይ የተጻፈው 40 እንግዲህ ለጥቂት ቀናት ብቻ እውነት ነው ማለት ነው።

ይህ ቁጥር ትልቅ ትርጉም ያለው ከእርሾ ጠባይ የተነሣ ነው። በፍሬ ቆዳ ላይ በተፈጥሮ የሚገኘው እርሾ ስኳርና ውሃ ሲያገኝ መፍላት ይጀምራል፤ ብርቱ የሚባለው የወይን እርሾ እንኳ አልኮሉ 15 በመቶ አካባቢ ሲደርስ ይዳከማል፣ ከ20 በመቶ በላይ ግን ሥራውን ያቆማል። የፖርቱጋሉ ፖርቶ ወይን ጣፋጭነቱን እንደያዘ የሚቆየው በዚሁ ምክንያት ነው፤ ፍላቱ ሳያልቅ የወይን አልኮል ይጨመርበትና ጥንካሬው ወደ 20 በመቶ ይጠጋል፣ እርሾውም የቀረውን ስኳር ሳይበላ ይቆማል። ለቤት ሥራ የሚሻለው ውሃው ሁሉ ከወጣ በኋላም ቢሆን ጥንካሬው ከ22 በመቶ እንዳይወርድ አስቦ መነሣት ነው። 40 በመቶ ለሆነ መጠጥ የሚመች ልክ ይህ ነው፦ ለአንድ ሊትር መጠጥ ከ600 እስከ 650 ግራም የተላጠና የውስጥ ጠንካራ ፍሬው የወጣለት ትኩስ ፍራፍሬ፣ ከ200 ግራም ያልበለጠ ስኳር። የደረቀ ፍራፍሬ ውሃው በጣም ትንሽ ስለሆነ ይህ ሁሉ ስጋት የለበትም፤ ለጀማሪ የሚመከረውም እርሱ ነው።

መጠጡን ስለ መምረጥ

ራም ከዘቢብ፣ ከአናናስና ከሙዝ ዘር ጣዕም ጋር በሚገባ ይስማማል፤ ብራንዲና ኮኛክ ለኮክ፣ ለፕሪም፣ ለወይንና ለቼሪ የተሠሩ ያህል ናቸው። ቮድካ የራሱ ጣዕም ስለሌለው የፍሬውን መዓዛ ሳይሸፍን ያወጣል፤ እንጆሪን በንጹሕ ጣዕሙ ለሚፈልግ ሰው ከቮድካ የተሻለ የለም። ጂን በጥድ ፍሬ መዓዛው ከብርቱካን ልጣጭ ጋር ያምራል እንጂ ለብዙ ነገር አይሆንም። ኡዞ የአኒስ ጠረኑ ፍሬውን ጨርሶ ስለሚውጠው ለዚህ ሥራ አልመርጠውም። መጠጡ ውድ መሆን የለበትም፤ ነገር ግን ለብቻው ሲቀመስ ጉሮሮ የሚያቃጥልና ደስ የማይል መጠጥ ከሁለት ወር በኋላም ያው ነው፣ ፍሬው አያሻሽለውም።

የቤት አረቄን በተመለከተ ግልጽ መሆን ያስፈልጋል። በየአካባቢው የሚወጣው አረቄ እጅግ ጠንካራም ሊሆን፣ ደከም ያለም ሊሆን ይችላል፤ ጥንካሬው ካልታወቀ ደግሞ ከላይ የተሰላው ስሌት ሁሉ ከንቱ ነው። ከዚህም በላይ ቁጥጥር በሌለበት ሁኔታ የተጣራ ወይም የተቀላቀለ መጠጥ ሜታኖል ሊኖርበት ይችላል፤ ሜታኖል ዓይን ያጠፋል፣ ሕይወትም ይቀጥፋል፣ በመዓዛም ሆነ በጣዕም አይለይም። ለሌላ ሰው በስጦታ የሚሰጥ ነገር በማይታወቅ መጠጥ መሥራት ተገቢ አይደለም። ለቁስል ማጽጃና ለእጅ ማጽጃ የሚሸጥ አልኮል፣ ስሙ አልኮል ስለሆነ ብቻ፣ በምንም ዓይነት ወደ ወጥ ቤት መግባት የለበትም።

ጠጅና ወይን ጠጅ ለሌላ ዓላማ ያገለግላሉ። ጥንካሬያቸው ከ15 በመቶ በታች ስለሆነ ፍሬን ለወራት አይጠብቁም፤ ሆኖም አንድ እፍኝ ዘቢብ ወይም የተቆራረጠ ኮክ በጠጅ ዘፍዝፎ ፍሪጅ ውስጥ አንድ ሌሊት ማሳደርና በሁለት ቀን ውስጥ መብላት በጣም ጥሩ ነው።

ዕቃውና ዝግጅቱ

የሚያስፈልገው አፈ ሰፊ፣ ክዳኑ ግጥም የሚል የመስታወት ብልቃጥ ነው። ጎማ ያለው ባለ መቆለፊያ ብልቃጥ ይመረጣል፤ የማር ወይም የማርማላታ ብልቃጥም ይሠራል፣ ነገር ግን የብረት ክዳኑን የአልኮሉና የፍሬው አሲድ እንዳይበላው በአፉና በክዳኑ መካከል የኬክ መጋገሪያ ወረቀት ይደረግበታል። ያረጀ ክዳን ቀደም ሲል ሚጥሚጣ ወይም በርበሬ ከያዘ ጠረኑን አይለቅም፤ አዲስ ክዳን መግዛት ይሻላል። ፕላስቲክ አይመከርም፣ ጠንካራ አልኮል ለወራት ሲነካው ከፕላስቲኩ ጠረንና ሌላም ነገር ሊያወጣ ይችላል። ውስጡ ያልተለበጠ የሸክላ ማሰሮም ቀዳዳው ረቂቅ ስለሆነ አልኮሉ ቀስ በቀስ ይተንንበታል።

ብልቃጡ በሳሙና ታጥቦ በሚገባ ከተለቀለቀ በኋላ በድስት ውሃ ውስጥ ተጠልቆ ይቀቀላል። በዝቅተኛ ቦታ ለሚኖር ሰው 10 ደቂቃ ይበቃል፤ አዲስ አበባ ግን ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር ስለሚበልጥ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ገደማ ነው። በየ300 ሜትሩ አንድ ደቂቃ እየተጨመረ ሲሰላ ለአዲስ አበባ 18 ደቂቃ ያህል ይሆናል ማለት ነው። ከዚያ ብልቃጡ ንጹሕ ጨርቅ ላይ ተደፍቶ ሙሉ በሙሉ ይደርቃል፤ በጨርቅ መወልወል የተቀቀለውን መልሶ ያቆሽሻልና በራሱ ቢደርቅ ይመረጣል። የወጥ ቤት ሚዛንና በሚሊ ሊትር የተሰመረ መለኪያ ከሌለ ግን ሥራውን አለመጀመር ይሻላል፤ በግምት የተሠራ ብልቃጥ ምን ያህል ጠንካራ እንደሆነ የሚያውቀው የለም።

የደረቀ ፍራፍሬ በራም

ይህ ለገና ኬክ፣ ለአይስክሬምና ለስጦታ ሁሉ የሚሆን መሠረታዊ አሠራር ነው። ለአንድ ሊትር ተኩል ብልቃጥ 250 ግራም ዘቢብ፣ 150 ግራም ፍሬው የወጣለት የደረቀ ፕሪም፣ 100 ግራም የደረቀ አፕሪኮት፣ የአንድ ብርቱካን ልጣጭ፣ አንድ አጭር እንጨት ቀረፋና 40 በመቶ የሆነ ከ600 እስከ 700 ሚሊ ሊትር ራም ይዘጋጃል። ስኳር አይጨመርም፤ የደረቀ ፍሬ ከክብደቱ ከግማሽ በላይ ስኳር ስለሆነ በሳምንታት ውስጥ ራሙን ራሱ ያጣፍጠዋል።

መጀመሪያ ዘቢቡ ይለቀማል፤ በገበያ የሚገኘው ዘቢብ አንዳንዴ ጠጠርና ጭራ አይጠፋውም። ቀጥሎ ለብ ባለ ውሃ በፍጥነት ይታጠባል። ይህ አቧራውን ለማንሣት ብቻ ሳይሆን እርስ በርሱ እንዳይጣበቅ የሚቀባውን ዘይት ለማስለቀቅም ነው፤ ዘይቱ ካልወጣ ኋላ ላይ በራሙ ላይ ተንሳፍፎ ይታያል። ከታጠበ በኋላ በንጹሕ ጨርቅ ላይ ተሰጥቶ ሁለት ሦስት ሰዓት ይደርቃል። የደረቀው ፕሪም ለሁለት፣ አፕሪኮቱ እንደ ትልቅነቱ ለሦስት ወይም ለአራት ይቆረጣል። ቴምር የሚወድ ሰው ጥቂት ሊጨምር ይችላል፣ ነገር ግን ቴምር ቶሎ ሟሙቶ ፈሳሹን ስለሚያደፈርስ በብዛት አይሁን።

የብርቱካኑ ልጣጭ በድንች መላጫ በስሱ ይወሰዳል፤ ከሥሩ ያለው ነጩ ክፍል መራራ ነው፣ በአልኮል ውስጥ ደግሞ ምሬቱ ጎልቶ ይወጣል። ብርቱካኑ ከመላጡ በፊት በሙቅ ውሃና በብሩሽ ቢታሽ የገበያ ሰሙ ይለቅቃል። ቅርንፉድ ለሚፈልግ ሁለት ፍሬ ብቻ፤ ሦስተኛው የሌላውን ሁሉ ጣዕም ይጫነዋል። ኮረሪማ ግን ያስደስታል፤ አንድ ኮረሪማ ተፈልጦ ከውስጡ አምስት ስድስት ዘር ብቻ በጨርቅ ቁራጭ ታስሮ ይገባና በሳምንቱ ይወጣል። የራሙን የሞላሰስ ጣዕም እንዲህ የሚደግፍ ሌላ ቅመም አላውቅም።

ፍሬው ሁሉ ተቀላቅሎ ብልቃጡ ውስጥ ይገባል፣ ሳይጨቆን፤ ከላይ አራት ጣት ያህል ቦታ ይተዋል። ራሙ ፍሬውን አልፎ ሁለት ጣት እስኪቆም ድረስ ይፈስሳል፤ ብልቃጡ ቀስ ተብሎ ጠረጴዛው ላይ ሲነካካ በፍሬው መካከል የታፈነው አየር ወደ ላይ ይወጣል። ይዘጋና ቀኑ ይጻፍበታል። በሁለተኛው ወይም በሦስተኛው ቀን ሲታይ ዘቢቡ ጠጥቶ አብጧል፣ ቆዳው ተወጥሯል፣ ከላይ ያሉት ፍሬዎችም ከራሙ ወጥተው ይታያሉ፤ ያን ጊዜ መልሶ እስኪሸፍናቸው ድረስ ራም ይጨመራል። ይህን መጨመር መርሳት ለብልቃጥ መበላሸት ዋነኛው ምክንያት ስለሆነ በማስታወሻ መያዝ ይገባል። ለመጀመሪያዎቹ ሁለት ሳምንታት በየሁለት ቀኑ ብልቃጡን ገልበጥ አድርጎ መመለስ ፍሬው እኩል እንዲጠጣ ይረዳል፤ ከዚያ በኋላ ዝም ብሎ ይቀመጥ።

በሳምንቱ ሊበላ ይችላል። ነገር ግን የራሙ ኃይለኛነት ለስልሶ ከፍሬው ጋር አንድ የሚሆነው ከስድስት ሳምንት በኋላ ነው። ታኅሣሥ 29 ለሚከበረው ገና የሚደርስ እንዲሆን በጥቅምት መጨረሻ መጀመር በቂ ነው። ጊዜው ያለፈበት ሰው ዘቢቡንና ራሙን በድስት ለብ አድርጎ፣ እሳቱን አጥፍቶና ከድኖ አንድ ሌሊት ማሳደር ይችላል፤ ከስድስት ሳምንቱ ጋር አይወዳደርም፣ ለኬክ ግን ያገለግላል። 40 በመቶ አልኮል በ26 ዲግሪ አካባቢ ሊቀጣጠል የሚችል ተን ማውጣት ስለሚጀምር፣ ማሞቁ በትንሽ እሳትና በሙቅ ውሃ ላይ በተቀመጠ ሳህን ይሁን እንጂ በቀጥታ በጋዝ ነበልባል ላይ አይሁን።

ኮክ በብራንዲ

ትኩስ ፍሬ ከደረቁ ይልቅ ጥንቃቄ ይፈልጋል፣ ውጤቱ ግን ይበልጥ ያማረ ነው። ለዚህ የሚሆነው ኮክ መዓዛው የወጣ፣ በጣት ሲነካ ግን ገና ጠንከር ያለ መሆን አለበት። ለመብላት ልክ የደረሰ ኮክ በብልቃጥ ውስጥ ይፈርሳል፤ ያልበሰለው ደግሞ የቱንም ያህል ቢቆይ መዓዛ አያወጣም። የተመታ፣ የቆሰለ ወይም ትል የገባበት ፍሬ ጉዳቱን ቆርጦ መጠቀም አይበቃም፤ ለማርማላታ ይተው።

ከመላጥና ፍሬውን ከማውጣት በኋላ 500 ግራም እንዲቀር 650 ግራም ያህል ኮክ፣ 150 ግራም ስኳር፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂና 750 ሚሊ ሊትር ብራንዲ ይዘጋጃል። በዚህ ልክ ሲሠራ ውሃው ሁሉ ከወጣ በኋላ ጥንካሬው 23 በመቶ ገደማ ላይ ይቆማል።

ኮኩ በሥሩ በኩል በቢላ ጫፍ የመስቀል ምልክት ከተደረገበት በኋላ በፈላ ውሃ ውስጥ 30 ሰከንድ፣ ቆዳው ጠንካራ ከሆነ አንድ ደቂቃ ተነክሮ ወዲያው ወደ ቀዝቃዛ ውሃ ይገባል። ቆዳው ከምልክቱ ተነሥቶ በእጅ ይላጣል። ለሁለት ተከፍሎ ፍሬው ይወጣል፣ እያንዳንዱ ግማሽ እንደገና ለሦስት ይቆረጣል፣ ወዲያውም እንዳይጠቁር በሎሚ ጭማቂው ይታሻል። የኮክ፣ የፕሪምና የቼሪ የውስጥ ጠንካራ ፍሬ ሲሰበር በውስጡ ያለው አሚግዳሊን የተባለ ንጥረ ነገር ሳያናይድ የተባለውን መርዝ ስለሚያወጣ የተሰነጠቀ የውስጥ ፍሬ ወደ ብልቃጥ አይገባም።

የኮኩ ቁርጥራጭ በብልቃጡ ውስጥ አንድ ረድፍ ሲደረግ ስኳር ይነሰነስበታል፣ እንደገና ኮክ፣ እንደገና ስኳር። ተሸፍኖ ለሁለት ሰዓት ሲቀመጥ ስኳሩ የኮኩን ጭማቂ ስቦ ከሥር እንደ ሽሮፕ ያጠራቅማል። ብራንዲው የሚፈስሰው ከዚህ በኋላ ነው። ስኳሩ ለብቻው ከኮኩ ጋር ጊዜ ስለሚያገኝ ፍሬው ለስላሳ ሆኖ ይቀራል፤ ሁሉም በአንድ ጊዜ ሲገባ ግን ጠንካራው አልኮል የፍሬውን ዳር ቀድሞ ያጠነክረዋል።

ኮክ ይንሳፈፋል። ከፈሳሹ በላይ የቀረ ቁራጭ ይጠቁራል፣ ሻጋታም የሚጀምረው ከእርሱ ነው። ትንሽ የቡና ሲኒ ማስቀመጫ ወይም ተቀቅሎ የጸዳ ከባድ ብርጭቆ ከላይ ተደርጎ ፍሬው ወደ ታች ይያዛል። ከሥር የተኛው ስኳር እስኪሟሟ ድረስ ለአንድ ሳምንት በየቀኑ ብልቃጡ ቀስ ተብሎ ይዘወራል፤ በማንኪያ አይማሰልም፣ ፍሬው ይሰባበራል። በሦስተኛው ሳምንት ገደማ የኮኩ ቁራጭ ከዳር ወደ መሃል እንደ ሰም ብርሃን የሚያሳልፍ ይሆናል፣ ይሰምጣልም፤ ከመሃሉ ገና ነጣ ያለ ቦታ ካለው አልደረሰም። ስድስት ሳምንት ላይ ለማቅረብ ያምራል፤ ከስድስት ወር በላይ ሲቆይ ሥጋው እየላላ ስለሚሄድ በዚያ ጊዜ ውስጥ መጨረስ ይሻላል።

በዚሁ ልክ ፕሪም (ቆዳው ሳይላጥ በጥርስ ማጽጃ እንጨት እዚህም እዚያም ተወግቶ)፣ ጠንካራ አናናስ፣ ፍሬ የሌለው ወይንና ቼሪ መሥራት ይቻላል። ሙዝ ይጠቁርና ይላላል፣ ሐብሐብ ውሃ ብቻ ነው፣ ፓፓያ አሲዱ አነስተኛ ስለሆነ በደንብ አይጠበቅም፣ አቮካዶ ጨርሶ አይሞከርም። ማንጎ የሚሆነው ክር የሌለውና ገና ጠንካራ ሲሆን ብቻ ነው። እንጆሪ መዓዛውን ለመጠጡ ሰጥቶ ራሱ ይገረጣል፤ ስለዚህ ከፍሬው ይልቅ ፈሳሹን ለሚፈልግ ሰው ይሠራል።

ከበጋ እስከ ክረምት የሚሞላው የጀርመኖች ማሰሮ

በጀርመን ሩምቶፍ የሚባል የቆየ የቤት ልማድ አለ፤ ፍራንክፈርትና በሌሎች የጀርመን ከተሞች የሚኖሩ ወገኖቻችን በሱቅ መደርደሪያ ላይ ስሙ የተጻፈበትን ትልቅ የተለበጠ ማሰሮ አይተውት ይሆናል። ሥራው በአንድ ቀን አያልቅም። እ.ኤ.አ. በሰኔ የመጀመሪያው እንጆሪ ሲደርስ 500 ግራም እንጆሪ በ250 ግራም ስኳር ለአንድ ሰዓት ይቀመጥና ማሰሮው ውስጥ ገብቶ ራም ይፈስስበታል፣ አንድ ጣት አልፎት እስኪቆም ድረስ። ከዚያ ቼሪ ሲደርስ ቼሪው፣ ቀጥሎ አፕሪኮት፣ ኮክ፣ ፕሪም፣ በመስከረምና በጥቅምት ወይንና ፒር፣ እያንዳንዱ በክብደቱ ግማሽ ስኳር እየታሸ ይጨመራል፤ በየጊዜውም ራሙ ይሞላል። የመጨረሻው ፍሬ ከገባ በኋላ ለአንድ ወር ተኩል ያህል ይተኛል። የሚከፈተው በመጀመሪያው የአድቬንት እሑድ፣ ማለትም ከእነርሱ ገና በፊት ካሉት አራት እሑዶች በመጀመሪያው ነው።

ራም የሸንኮራ አገዳ በማይበቅልበት በሰሜን ጀርመን እንዲህ የቤት ነገር የሆነው በንግድ ምክንያት ነው። የፍሌንስቡርግ ከተማ በ18ኛው ምዕተ ዓመት በዴንማርክ ዘውድ ሥር ሳለች መርከቦቿ ዴንማርክ በካሪብያን ከያዘቻቸው ደሴቶች ስኳርና ራም ያመጡ ነበር፤ እነዚያን ደሴቶች፣ ሴንት ክሮይን ጨምሮ፣ ዴንማርክ እ.ኤ.አ. በ1917 ለአሜሪካ ሸጠቻቸው፣ የራሙ ልማድ ግን አልጠፋም።

በዚህ አሠራር ዋናው ነገር የራሙ ጥንካሬ ነው። ጀርመኖች ለዚህ የሚገዙት 54 በመቶ የሆነውን ነው፤ ያን ያህል ስኳርና ያን ያህል ውሃማ ፍሬ ተጨምሮም ጥንካሬው ከ24 በመቶ በላይ ይቆያል። ይኸንኑ አሠራር በ40 በመቶ ራም የሚሞክር ሰው መጀመሪያ ላይ በሰላነው መሠረት 18 በመቶ ላይ ይወድቃል፣ በሙቀት ወር ደግሞ ማሰሮው ይፈላል። 54 በመቶ ራም በማይገኝበት አገር ስኳሩን ከግማሽ ወደ ሩብ ዝቅ ማድረግ፣ ራሙን ከፍሬው ክብደት አንድ ጊዜ ተኩል ማድረግና ማሰሮውን ፍሪጅ ውስጥ ማኖር ግድ ነው።

አቀማመጥና የመበላሸት ምልክት

ብልቃጡ ከምድጃ ርቆ፣ ፀሐይ በማያገኘው ቁም ሣጥን ውስጥ ይቀመጣል፤ ብርሃን የእንጆሪንና የቼሪን ቀለም ቶሎ ያጠፋል። የደረቀው ፍሬ በራም እስከ አንድ ዓመት ይቆያል። ትኩሱ ፍሬ በአዲስ አበባ አየር ቁም ሣጥን ውስጥ ቢቆይም፣ እንደ ድሬዳዋ ባለ ሞቃት ከተማ ግን ፍሪጅ ያስፈልገዋል። ከብልቃጡ የሚወጣው ሁልጊዜ በንጹሕና በደረቀ ማንኪያ ነው፤ አንዴ በጣት የተነካ ብልቃጥ ለስጦታ አይሆንም።

ትናንሽ አረፋዎች ከሥር እየተነሡ ወደ ላይ ሲወጡ፣ ክዳኑ ሲከፈት ፍስስ ካለ፣ የኮምጣጤ ወይም የቡሆ ሽታ ከመጣ፣ ፍሬው እየፈላ ነውና ይደፋ። ሻጋታ የታየበትም እንዲሁ፤ ከላይ ገፍፎ የቀረውን መብላት አይቻልም። በዘቢብ ብልቃጥ ሥር እንደ ተሰበረ መስታወት የሚያብረቀርቅ ጥቃቅን ጠጣር ከታየ ግን አያስፈራም፤ ከወይን የሚወጣ የታርታሪክ አሲድ ጨው ነው፣ አልኮል ውስጥ በደንብ ስለማይሟሟ ይረጋል። ማንኪያ ሲገባ ወደ ላይ እንዳይነሣ መጠንቀቅ ብቻ ይበቃል።

ለማጣጣሚያ ሲቀርብ

የተዘፈዘፈ ፍሬ ከሚያምርበት ነገር ሁሉ ቀዳሚው ተራ የቫኒላ አይስክሬም ነው፤ ሁለት ማንኪያ ፍሬና አንድ ማንኪያ ፈሳሽ፣ ሌላ ምንም። ፍሬውን አይስክሬሙ ውስጥ ቀላቅሎ ለማቀዝቀዝ ሲፈለግ በወንፊት ተጠልሎ በወረቀት መድረቅ አለበት፣ አልኮል በቤት ማቀዝቀዣ ስለማይረጋ አይስክሬሙን ያቀልጠዋል። በወተት የተቀቀለ ሩዝ፣ ፓንኬክና ተራ ስፖንጅ ኬክም ይቀበሉታል። ኬክ ውስጥ ሲገባ ለ500 ግራም ዱቄት 300 ግራም የተጠለለ ፍሬ ጥሩ ልክ ነው፤ ኬኩ ከምድጃ ሲወጣ፣ ገና ትኩስ እያለ፣ በጥርስ ማጽጃ እንጨት ተወጋግቶ ፈሳሹ በማንኪያ ይንጠባጠብበታል። በፍሬና በቅመም የሚሠራው የጾም ኬክ፣ ቅቤና እንቁላል ስለሌለው ቶሎ የመድረቅ ጠባይ አለበትና፣ ከዚህ ብዙ ይጠቀማል፤ በጾም አልኮል ለማይቀምስ ቤተሰብ ግን አይሆንም።

አልኮሉ በምድጃ ሙቀት ተንኖ ያልቃል የሚባለው ትክክል አይደለም። አንድ ሰዓት የተጋገረ ነገር ውስጥ እንኳ ከገባው አልኮል ሩብ ያህሉ ሊቀር ይችላል፤ ከተጋገረ በኋላ የተንጠባጠበበት ኬክ ደግሞ ሙሉውን ይዟል። ስለዚህ ለሕፃናት፣ ለነፍሰ ጡርና መድኃኒት ለሚወስድ ሰው አይቀርብም፤ ለእነርሱ ዘቢቡን በብርቱካን ጭማቂና በቀረፋ ዘፍዝፎ ሌላ ኬክ መጋገር የአስተናጋጁ ፈንታ ነው።

ለስጦታ ሲዘጋጅ

ለስጦታ ከ200 እስከ 250 ሚሊ ሊትር የሚይዝ ትንሽ ብልቃጥ ይመረጣል፤ አንድ ቤተሰብ በሁለትና በሦስት ጊዜ ይጨርሰዋል። ፍሬው ከትልቁ ዕቃ ወደ ትንንሾቹ የሚዛወረው ከደረሰ በኋላ ነው። መጀመሪያ ፍሬው እስከ ብልቃጡ ሦስት አራተኛ በንጹሕ ማንኪያ ይደረደራል፣ ቀጥሎ ፈሳሹ እስከ አንገቱ ድረስ ይሞላል፤ የብልቃጡ አፍ በራም በተነከረ ንጹሕ ጨርቅ ተጠርጎ ይዘጋል። አፉ ላይ የቀረ ሽሮፕ ክዳኑን ያጣብቀዋል፣ ጉንዳንም ይጠራል። ክዳኑ ላይ የሚታሰር የሀገር ልብስ ቁራጭ ወይም የጥለት ክር ያምርበታል፤ ጨርቁ ከክዳኑ በላይ እንጂ በክዳኑና በአፉ መካከል መሆን የለበትም።

መለያ ወረቀቱ ላይ የፍሬዎቹ ስም፣ የመጠጡ ዓይነት፣ የተሠራበት ቀን፣ የት እንደሚቀመጥና ከተከፈተ በኋላ በስንት ጊዜ ማለቅ እንዳለበት ይጻፋል። ቀኑ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ከሆነ «ዓ.ም.» የሚለው በግልጽ ይታይ፤ ውጭ አገር ለሚኖር ዘመድ የሰባትና የስምንት ዓመት ልዩነቱ ያደናግራል። ከሁሉ በላይ «አልኮል አለበት» የሚለው በትልቁ ይጻፍ፤ የዘቢብ ብልቃጥ ከሩቅ ሲታይ ማር ወይም ማርማላታ ስለሚመስል ልጅ በቀላሉ ይከፍተዋል።

ስጦታውን ከመስጠት በፊት ተቀባዩ አልኮል ይቀምስ እንደሆነ ማወቅ የግድ ነው። በእምነቱ፣ በጤናው ወይም መጠጥ ትቶ ራሱን በመጠበቁ ምክንያት የማይቀምስ ሰው ብዙ ነው፤ በበዓል ቀን በሰው ፊት ተቀብሎ እንዲያፍር ማድረግ አይገባም። ወደ ሳውዲ ዓረቢያ ወይም ወደ ኩዌት ለሚሄድ ሰው ሻንጣ ውስጥ በጭራሽ አይደረግም፤ በእነዚያ አገሮች አልኮልን ይዞ መግባት በሕግ የተከለከለ ስለሆነ በደግነት የተሰጠ ብልቃጥ ተጓዡን ለእስር ሊዳርግ ይችላል። ወደ አሜሪካ ወይም ወደ አውሮፓ የሚጓዝ ሰው እንደ ፈሳሽ ስለሚቆጠርበት በእጅ ቦርሳ ሳይሆን በሚጫነው ሻንጣ ያደርገዋል፤ ክዳኑ በፕላስቲክ ተጠቅልሎ፣ ብልቃጡ በሁለት ድርብ ከረጢት ታስሮ፣ በልብስ መካከል ተቀምጦ።